ያን ቀን ጆንያውን ያነሳሁት እኔ ነኝ

ዘጠኝ ክረምት ሙሉ ይህን ነገር ለማንም ሳልናገር ኖሬያለሁ። ለልጄ አልነገርኩም። ለንስሐ አባቴም አልነገርኩም። በየጾሙ እፊታቸው ተንበርክኬ ሰው አምቻለሁ፣ ተቆጥቻለሁ፣ ጾም ሽሬአለሁ እያልኩ ትንንሹን ስዘረዝር፣ ይኼኛው ከምላሴ ሥር ቁጭ ብሎ ያዳምጠኝ ነበር። እሳቸውም «አንቺ እንኳ ብዙም የለብሽ» ይሉኛል። እኔም መስቀላቸውን ስሜ፣ ብዙም እንደሌለባት ሴት ቀና ብዬ እወጣለሁ።

ስለዚህ ዛሬ እናንተ ስሙኝ።

ትርንጎ እባላለሁ። አሶሳ ከተማ ውስጥ ባለ አንድ የቤት ውስጥ ስፖርት አዳራሽ፣ በር ጠባቂም ጽዳትም ሆኜ ጡረታ እስክወጣ ሠርቻለሁ። ፊደል የቆጠርኩት በደርግ ጊዜ፣ ከወሎ በሰፈራ ከመጣን በኋላ፣ በመሠረተ ትምህርት ነው። ጽሑፌ ቢንሻፈፍ በዚያ አትፍረዱብኝ። በሌላው ግን ፍረዱ፤ የምጽፈው ለዚያ ነው።

አዳራሹን የማያውቅ ሰው አራት ግድግዳና ቆርቆሮ ብቻ ይመስለዋል። እኔ የወለሉን ጣውላ አንድ በአንድ አውቀዋለሁ። አንድ ቀን መረብ ኳስ፣ ሌላ ቀን ጠረጴዛ ቴኒስ፣ ቅዳሜ ቴኳንዶ ይካሄድበታል። ዘፋኝ ሲመጣ ወለሉ ላይ ሸራ ይነጠፋል፤ በማግስቱ ሸራው ሲጠቀለል ሾልኮ የገባውን ማስቲካ በቢላዋ የምፍቀው እኔ ነበርኩ። ምርቃቱም ስብሰባውም እዚያው ነው። ዝናብ ሲጥል ጣሪያው ከመጮሁ የተነሣ የዳኛው ፊሽካ አይሰማም፤ ሰውየው ጉንጩን ነፍቶ እጁን ሲያወናጭፍ ብቻ ታያላችሁ።

የአሶሳን ክረምት የምታውቁ ቀዩን ጭቃ ታውቁታላችሁ። ጫማ ሥር ገብቶ ይጋገራል። ያ ጭቃ ጣውላ ላይ ከወደቀ ሰው ይጥላል። አንዲት ተጫዋች ተንሸራትታ ክንዷ ከተሰበረ በኋላ ሕግ ወጣ፤ በውጭ ጫማ ወለሉን መርገጥ ክልክል ሆነ። ተጫዋች ሁሉ የውስጥ ጫማውን በፌስታል ይዞ መጥቶ በር ላይ ይቀይራል። ሕጉን ያወጣው የአዳራሹ ኃላፊ ነው፤ ያስከበርኩት ግን እኔ ነኝ። ባለሥልጣን አስወልቄያለሁ። ሙሉ ልብስ የለበሰ ሰው አውራ ጣቱ ከካልሲው ወጥቶ ወለሉን ሲሻገር አይቻለሁ። «እትዬ ትርንጎ ለማንም አታደላም» ተባለ። ደስ አለኝ። አድልዎ አልወድም። ሰፈራ ጣቢያ ላይ የእርዳታ ስንዴ ሲታደል ጣሳው ለአንዱ ሞልቶ ለሌላው ጎድሎ ሲሰፈር አይቼ፣ በዚያ የተነሣ ከአዳዩ ጋር የተናነቅኩ ሴት ነኝ።

ሁለት ጫማ የሌለው ልጅስ? ይህንንም አስቤበት ነበር። ጆንያ በውሃ ነክሬ ከደጃፉ አነጥፋለሁ፤ ከጎኑ ደረቅ ካርቶን አደርጋለሁ። አንድ ጫማ ብቻ ያለው ልጅ ጭቃውን በእንጨት ይፍቃል፤ ሶሉን ጆንያው ላይ ያሻል፤ ካርቶኑ ላይ ያደርቃል፤ እኔ በመዳፌ ዳስሼ አሳልፈዋለሁ። ይህ በሩ ላይ በተሰቀለው ሰሌዳ አልተጻፈም። የተጻፈው ክልከላው ብቻ ነበር። ጆንያው የኔ ነው፤ እኔ ያሰብኩት፣ እኔ የማነጥፈው። ይህን ልብ በሉልኝ።

የልጄ ልጅ ሰላም እኔ ጋ ነው ያደገችው። እናቷ ግልገል በለስ ሥራ ስትይዝ ልጅቷ ከትምህርቷ እንዳትፈናቀል ብዬ አስቀረኋት። ከትምህርት ቤት ወደ አዳራሹ ትመጣለች፤ መጥረጊያ ተቀብላኝ ትጠርጋለች፤ ከዚያ መረብ ኳሷን ትጫወታለች። ቀርታ አታውቅም። አርፍዳ አታውቅም። አሠልጣኙ ያላትን ሁሉ ታደርጋለች። ከመረቡ ላይ ኳስ መቺ ነበረች፤ ደህና መቺ።

ሐዋ ደግሞ የዘሀራ የልጅ ልጅ ናት። ዘሀራ የአገሩ ተወላጅ፣ የበርታ ሰው ናት፤ የዕድሜ ልክ ጓደኛዬ። በሰፈራ የመጣን ጊዜ ሕፃን አዝዬ ከመኪና ስወርድ፣ የማሽላ ገንፎ በባሚያ አድርጋ ያበላችኝ የዘሀራ እናት ናት። የዘሀራ አማርኛ እስከ ዛሬ ወንድና ሴት አይለይም፤ እኔን «አንተ» ትለኛለች፣ ባሏን «አንቺ»። ባሏ ይቆጣል፤ እኛ እንስቃለን። ሐዋን ወደ አዳራሹ ያመጣኋት እኔው ነኝ። ገበያ ውስጥ ማንጎ በእጇ መትታ ከዛፍ ስታወርድ አይቼ፣ «ዘሀራ፣ ይቺን ልጅ ላኪልኝ» አልኩ። በገዛ አፌ ጠራኋት።

መጣች። በሳምንት ሦስት ቀን ብቻ ነበር የምትመጣው፤ ቤታቸው ከከተማው ዳር ነው፣ እርሻም ታግዛለች። አንድ የሸራ ጫማ ነበራት። ጆንያው ላይ ታሻውና ትገባለች። ከዚያ ስትዘል አዳራሹ ዝም ይላል። ግራኝ ናት። ኳሱ ከየት እንደሚመጣ ማንም አያውቅም፤ ብቻ ጣውላው ላይ ጧ ሲል ትሰማላችሁ።

ቀናሁ። ቃሉን ልጻፈው እንጂ ምን እሸፋፍነዋለሁ? እኔ፣ የልጅ ልጅ ያየሁ ሴት፣ በአንዲት የአሥራ አምስት ዓመት ልጅ ክንድ ቀናሁ። በጉልበቷ ቀናሁ። በሦስት ቀኗ ቀናሁ። የኔ ልጅ በየቀኑ መጥታ ያላገኘችውን፣ ይቺ በሦስት ቀን ታገኘዋለች? ይህ ፍትሕ ነው ወይ እያልኩ ወለሉን ስወለውል እብሰለሰል ነበር። አያችሁ፣ ቅናቴን ፍትሕ ብዬ ስም አወጣሁለት።

ይባስ ብሎ ሰላም ወደደቻት። ወደ ቤት ስንመለስ ወሬዋ ሐዋ ብቻ ሆነ።

«እማ፣ ሐዋ እኮ ስትዘል ከመረቡ በላይ ሆና አየሩ ላይ ትንሽ ትቆያለች!»

«ሰው አየር ላይ አይቆይም። ሂጂ እግርሽን ታጠቢ።»

ሰላም ሳቀች። ቅናት የሚባል ያልፈጠረባት ልጅ ናት። ለሷ የተመደበውንም እኔ ወሰድኩት መሰለኝ።

አንድ ቅዳሜ ከሌላ ከተማ ቡድን ጋር ሲጫወቱ፣ እኔና ዘሀራ ሲሚንቶው ደረጃ ላይ ጎን ለጎን ተቀምጠን ነበር። ሰላም ሁለት ኳስ አከታትላ መረብ ውስጥ ከተተች። ከኋላችን ያለ ሰው «ኧረ ያቺን አስወጡና ግራኟን አስገቡ!» ብሎ ጮኸ። አስወጧት። ሐዋ ገባች። ሴቶቹ እልል አሉ። በምወለውለው ወለል ላይ፣ ጣሪያው ሲያፈስ ባልዲ በምደቅንበት አዳራሽ ውስጥ፣ እልልታው ለሌላ ሰው ልጅ ሆነ። ዘሀራ እጇን ጉልበቴ ላይ አድርጋ፣ «አይዞህ ትርንጎ፣ ልጁ ገና ነው፣ ያድጋል» አለችኝ። በደግነት ነው ያለችው። የሰውየው ጩኸት አላቃጠለኝም። ያቃጠለኝ የሷ ደግነት ነው። ብትኮራብኝ እጣላት ነበር፤ ተጣልተን እንታረቅ ነበር። ያዘነችልኝን ሴት ምን አደርጋታለሁ?

በዚያ ክረምት የክልሉን ቡድን የሚመርጡ ሰዎች ይመጣሉ ተባለ። ቡድኑ ሊሞላ ምንም አልቀረውም፤ የጎደለው አንዲት መቺ ብቻ ነው። አሠልጣኙ ለሁሉም ነገራቸው፤ ምርጫው በሰላምና በሐዋ መካከል መሆኑን ግን ሁላችንም እናውቅ ነበር። የተመረጠችው ከክልሉ ቡድን ጋር አዲስ አበባ ትሄዳለች፤ ሠልጥና፣ ለብሳ፣ በትልቅ አዳራሽ ትጫወታለች።

ቀኑ ደረሰ። ከንጋት ጀምሮ ዝናብ ነበር። መራጮቹ ጫማቸውን አውልቀው ገቡ። ልጃገረዶቹ መሟሟቅ ጀመሩ። ሐዋ አልመጣችም። ጨዋታው ከተጀመረ በኋላ ከሩቅ ስትሮጥ አየኋት፤ ጭቃው እስከ ጉልበቷ ደርሷል። በር ላይ ደርሳ ወደ መሬት ተመለከተች።

«እማማ ትርንጎ፣ ጆንያው የት ሄደ?»

«ታጥቧል።»

«በምን ልጥረግ ታዲያ?»

«እኔ ምን አውቃለሁ? የውስጥ ጫማ ይዞ መምጣት ነው። ሰሌዳውን አንብቢ።»

አነበበችው። እስከ መጨረሻው አነበበችው፤ ከንፈሯ ሲንቀሳቀስ አይቻለሁ። ከዚያ በባዶ እግሬ ልግባ አለች። መራጮቹ ያለ ጫማ መጫወት አይቻልም አሉ። አንዷ ልጅ ሮጣ መጥታ የራሷን አውልቃ ሰጠቻት፤ የሐዋ እግር ትልቅ ነው፣ ተረከዟ አልገባ አለ። አሠልጣኙ መጣ። «እትዬ ትርንጎ፣ በእግዜር፣ ዛሬን እንኳ ተዪያት» አለኝ። እኔም ድምፄን ከፍ አድርጌ፣ መራጮቹ እንዲሰሙ፣ «ትናንት ባለሥልጣን አስወልቄያለሁ። ለሱ ያልተፈቀደ ለሷ ይፈቀዳል? ሕግ ለአንዱ ሕግ፣ ለአንዱ ቀልድ ነው?» አልኩ።

ልክ ነበርኩ። ከመራጮቹ አንዱ ራሱን ነቀነቀና «እንዲህ ያለ ሰው ነው የጠፋው» አለ። አሠልጣኙ አፍሮ ይቅርታ ጠየቀኝ። አስቡት፤ ይቅርታ የተጠየቅኩት እኔ ነኝ።

ሐዋ ወደ ቧንቧው ሮጠች፤ ውሃ የለም። ቦይ ውስጥ ጫማዋን አጥባ መጣች። ሶሉን በመዳፌ ዳሰስኩና «እርጥብ ነው፤ ያንሸራትታል» አልኳት። እውነት ነው፤ እርጥብ ነበር። በቀሚሷ ጠረገችው፤ ቀሚሷም እርጥብ ነው። ደጃፉ ላይ፣ ነፋስ ቢያደርቅልኝ ብላ፣ ጫማዋን ወደ ደመናው አንስታ ቆመች። መራጮቹ መንገዱ ሳይበላሽ መመለስ ነበረባቸው፤ ስም ጻፉ፤ ተነሡ። የሰላም ስም ተጻፈ።

እስከዚህ የነገርኳችሁን አዳራሹ ሁሉ አይቶታል። አሁን ማንም ያላየውን ልንገራችሁ። ጆንያው ለመታጠብ ጊዜው አልነበረም። በዝናብ ቀን ጆንያ የሚያጥብ ማነው? ጠዋት፣ ማንም ሳይመጣ፣ በገዛ እጄ አነሳሁት። ከአዳራሹ ጀርባ የቀርከሃ አጥሩ ላይ ዝናብ እየወረደበት ሰቀልኩት። ካርቶኑንም አብሬ አነሳሁ። ለምን እንደማደርገው አውቅ ነበር።

ይህን ከጻፍኩ በኋላ ብዕሩን አስቀምጬ ነበር። በቃ፣ ተናዘዝኩ ብዬ። ውሸት ነው። ገና አንድ ይቀራል።

የጽዳት ዕቃ የማስቀምጥበት ክፍል ውስጥ፣ አንዲት ተጫዋች ከተማ ስትለቅ ትታው የሄደችው ነጭ የውስጥ ጫማ ነበር። ሠላሳ ዘጠኝ ቁጥር። ሐዋም ሠላሳ ዘጠኝ ናት፤ በሳምንት ሦስት ቀን ሶሏን የምዳስስ ሴት እንዴት አላውቅም? ልጅቷ ደጃፍ ላይ ቆማ ጫማዋን ወደ ደመና ስታነሳ፣ የክፍሉ ቁልፍ በክር ታስሮ አንገቴ ላይ ነበር። እጄን ወደ ቁልፉ ሰደድኩ። ያዝኩት። ከዚያ ለቀቅኩት። ጆንያውን በማለዳ ሳነሳ ሰይጣን እንደ ያዘው ሰው ነበርኩ ልበል፤ ቁልፉን ስለቀው ግን ልጅቷ ከፊቴ ነበረች፤ ጥርሷ በብርድ ይንገጫገጭ ነበር። ይህን በምን አሳብባለሁ? ልጅ ነበርኩ ልበል? አላወቅኩም ልበል? ለሰላም ብዬ ነው ልበል? ሰላም እኮ አልላከችኝም።

ሐዋ ከዚያ በኋላ ወደ አዳራሹ አልመጣችም። ዘሀራ ቤት በሄድኩ ጊዜ ልጅቷ ማዕዘን ላይ አኩርፋ ተቀምጣ ነበር። እንድትቆጣኝ ጠበቅኩ። ዘሀራ ግን ወደ ልጅቷ ዞራ፣ «ትርንጎ ሕግ ነው። ለልጁም አያደላም። ጥፋቱ ያንተ ነው፣ ሌላ ጫማ አልያዝክም» አለቻት። እኔም ቁጭ ብዬ የቀዳችልኝን የከርከዴ ሻይ ጠጣሁ። ቃል ሳልተነፍስ ጠጥቼ ጨረስኩ።

ሰላም ሄደች፤ ሁለት ዓመት ተጫወተች፤ ጉልበቷን ታማ ተመለሰች። አሁን እዚያው አዳራሽ ውስጥ ትንንሽ ሴቶች ታሠለጥናለች። ሐዋ ጉባ ሄዳ በግድቡ ሠራተኞች ካምፕ ወጥ ቤት ሠራች፤ ከዚያ ተመልሳ አሶሳ ምግብ ቤት ከፈተች። እኔ ደግሞ ዳኛ ሆንኩ። በሰፈሩ ሁለት ሰው በድንበር ሲጣላ «ትርንጎን ጥሩ» ይባላል። ዘሀራ ናት ቀድማ የምትጠራኝ። ሄጄ እፈርዳለሁ፤ የምፈርደውም ትክክል ነው። ስመለስ ግን እግሬ ይከብደኛል።

ጡረታ በወጣሁ ጊዜ አዳራሹ ውስጥ ሸኙኝ። ሸራ ተነጥፎ፣ ድምፅ ማጉያ ተተክሎ፣ የምስጋና ወረቀት ተሰጠኝ። ኃላፊው ያን ቀን አነሳ። ስም አልጠራም። «ምርጥ ተጫዋች እንኳ ብትሆን፣ የገዛ የልጅ ልጇ እኩያ እንኳ ብትሆን፣ እትዬ ትርንጎ ሕግ አላጠፈችም» አለ። አዳራሹ አጨበጨበ። ከደረጃው ላይ አንዲት ሴት ከሁሉ ቀድማ እልል አለች። ቀና ብዬ አየሁ። ሐዋ ናት።

ሲያልቅ መጥታ ትከሻዬን ሳመችኝ።

«እማማ፣ ስለኔ እኮ ነው ያወሩት! ሰማሽ አይደል?» ትስቃለች። ቦርሳዋን ከፍታ አሳየችኝ። «ይኸው፣ ከዚያ ወዲህ ትርፍ ጫማ ሳልይዝ ከቤት ወጥቼ አላውቅም። ጉባ ‹ባለ ሁለት ጫማዋ› ነበር የሚሉኝ። ጥፋቱ የኔ ነበር። አንቺ ነሽ ያስተማርሽኝ።»

ዘጠኝ ክረምት ትርፍ ጫማ ተሸክማለች። ላላጠፋችው ጥፋት። እኔ ቦታዋን የወሰድኩባት መስሎኝ ነበር፤ ለካ ጥፋቴንም አሸክሜያታለሁ። የምስጋናውን ወረቀት እዚያው ወንበሩ ላይ ትቼ ሄድኩ። ረስታው ነው ብለው ቤቴ ድረስ አመጡልኝ።

በማግስቱ መጀመሪያ ለሰላም ነገርኳት። ሁሉንም፤ ቁልፉን ጭምር። ታለቅሳለች ወይም ታባብለኛለች ብዬ ነበር። አንዱንም አላደረገችም።

«እማ፣ ያን ቀን ሐዋ ብትገባ አሸንፋት ነበር?»

«አላውቅም።»

«እኔም አላውቅም» አለችኝ። «መቼም አላውቅም። አየሽ ያደረግሽኝን?»

ተነሥታ ወጣች። ሦስት ቀን አላናገረችኝም። በአራተኛው ቀን ይህን ወረቀትና ብዕር አምጥታ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠችልኝ፤ «ጻፊው፤ ለሐዋ ስታነቢላት እኔም እኖራለሁ» አለች።

ሐዋ፣ ይህን የምትሰሚው ከእኔ አፍ ነው፤ ነገ እመጣለሁ። አያትሽም ትስማ። ሰው ፊት እንድነግረው ከፈለግሽ አዳራሹ ውስጥ፣ ያ ሁሉ ሰው ባጨበጨበበት ቦታ ቆሜ እናገረዋለሁ። ዘሀራ ከቤቷ ብታስወጣኝ መብቷ ነው።

ይቅር በይኝ ግን አልልሽም። አውቅሻለሁ፤ ብጠይቅሽ ገና ሳልጨርስ እሺ ትያለሽ፣ ትከሻዬን ትስሚያለሽ፣ እኔም ቀልሎኝ ወደ ቤቴ እሄዳለሁ። ያ ደግሞ ሌላ መውሰድ ነው። ከአንቺ የወሰድኩት ይበቃኛል። የምመጣው አንድ ነገር ልመልስልሽ ነው፤ ቦታሽን መመለስ አልችልም፣ ይህን ግን እችላለሁ። ጥፋቱ ያንቺ አልነበረም።